እንጆሪያችንን የለካው ሰው

በዘጠኝ ዓመቴ ሰው ላስገድል ነበር። ይህን ስናገር የሚሰማኝ ሁሉ ይስቃል፤ እኔም አብሬ እስቃለሁ፤ ግን እውነቴን ነው። ሰውዬው አቶ ቢሻው ይባላል። ጥፋቱ ጓሯችን ውስጥ ያለውን እንጆሪ በሜትር መለካቱ ነበር።

ዘመኑ ሰባ አራት ዓ.ም.፣ አገሩ ጎንደር ነው። እኔና እናቴ ቸቸላ ውስጥ ጣልያን ሠርቶት በሄደ፣ ክረምት ክረምት ባልዲ በምንደቅንበት ባለ ሁለት ክፍል ቤት እንኖር ነበር። አባቴ የጭነት መኪና ሹፌር ነበር፤ ሊማሊሞ ላይ ገደል ከገባ ሦስት ዓመት አልፎታል። እናቴ ይርገዱ ነርስ ስለሆነች ሰፈሩ ሁሉ «ሲስተር» ይላታል። ከሥራ ስትመለስ ነጭ ጫማዋን ታወልቅና ቁጭ ብላ ግድግዳውን ታያለች። እኔ ደክሟት ይመስለኝ ነበር።

አቶ ቢሻው የግብርና መሥሪያ ቤት የአትክልት ባለሙያ ነው፤ የጭልጋ ሰው፣ የአይከል ልጅ። ሳንባውን ታሞ ሆስፒታል በተኛ ጊዜ እናቴ አሥር ቀን ሙሉ መርፌ ወጋችው። አሥር ጊዜ የወጋችውን ሴት ሊያመሰግን የሚመጣ ሰው ገና ከጅምሩ አላማረኝም። በሚያዝያ አንድ ቀን እርጥብ ጆንያ ታቅፎ በራችን ላይ ቆመ። ረጅም ነው፤ የኮቱ እጅጌ ያጥረዋል፤ ሲናገር ሰው ሳይሆን መሬት መሬቱን ያያል።

«ምንድን ነው ያመጡት፣ አቶ ቢሻው?» አለች እናቴ።

«እንጆሪ ነው፣ ሲስተር። አሥራ ሁለት ችግኝ። የዱሩ አይደለም፣ የፈረንጁ ነው።»

እኛ የምናውቀው እንጆሪ ወደ ትክል ድንጋይ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ እጃችንን እሾህ እየቧጨረን የምንለቅመው ነበር። ይሄኛው እሾህ የለውም። መሬት ለመሬት ይሄዳል፤ ቀጭን ክንድ ይዘረጋና ክንዱ አፈር በነካበት ሁሉ ሌላ እንጆሪ ይወልዳል። አቶ ቢሻው መደቡን ከፍ አድርጎ ሠራ፤ ፍግ አለበሰው፤ ፍሬው አፈር ነክቶ እንዳይበሰብስ ከሥሩ የጤፍ ጭድ አነጠፈለት። በሚያዝያ አሥራ ሁለት የነበረው በጥቅምት ስልሳ ሆነ። የመጀመሪያው ፍሬ የቀላ ዕለት ማንም ሳያየኝ ተንበርክኬ በጥርሴ ቀነጠስሁት። ከፀሐይ የተነሣ ሞቅ ብሎ ነበር፤ ጭማቂው በአገጬ ወርዶ የትምህርት ቤት ሸሚዜን አበላሸው። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ያ መደብ የእኔ እንዲሆን ወሰንሁ። ለማንም ግን አልተናገርሁም።

ችግሩ የመጣው አቶ ቢሻው ሜትር ይዞ የመጣ ቀን ነው። ከክብ ቆዳ ማኅደሩ እየተሳበ የሚወጣ ቢጫ ሜትር ነው። ሜትር ምን እንደሚያደርግ ደግሞ እኔ አውቃለሁ፤ ያወቅሁትም ከጎረቤታችን ከእትዬ እናኑ ነው።

እትዬ እናኑ በርበሬና ሚጥሚጣ አዘጋጅታ የምትሸጥ፣ ልጅ የሌላት ሴት ናት። ሚዛን አትፈልግም። የቋጠረችውን በመዳፏ ከፍ ዝቅ ታደርግና «ይጎድላል» ወይም «ይበቃል» ትላለች፤ አንድም ቀን ተሳስታ አታውቅም ይባላል። ትርፍ ቤት የተወረሰ ጊዜ የምታከራያቸው ሁለት ክፍሎች ተወስደውባታል። እኔ ያኔ ድክ ድክ የምል ሕፃን ነበርሁ፤ ነገር ግን በየሳምንቱ ስለምታወራው ያየሁት ያህል አውቀዋለሁ።

«ሸጋ ሸጋ ሰዎች ነበሩ» ትላለች። «መጀመሪያ መጡና ለኩ፤ ውኃ አሉኝ፣ ሰጠኋቸው። ሁለተኛ መጥተው ለኩና ጻፉ። በሦስተኛው ቁልፉን አምጪ አሉኝ።»

አቶ ቢሻውም መጣ፤ ለካ፤ ውኃ ጠጣ። በሌላ ቀን መጣ፤ ለካ፤ ከኪሱ ትንሽ ደብተር አውጥቶ ጻፈ። ልቤ ተሰቀለ። ሦስተኛ ቀን ሲመጣ የጓሮውን በር ቁልፍ ካልሲዬ ውስጥ ደብቄ ቀኑን ሙሉ ሳነክስ ዋልሁ። ቁልፍ አልጠየቀም። ለካና ሄደ። በሳምንት ሁለት ቀን፣ አንዳንዴም ሦስት ቀን እየመጣ ይለካል።

እናቴና እትዬ እናኑ በአጥር ላይ ሲነጋገሩ ጆሮዬን አቁሜ እሰማለሁ።

«ምነው ሰውዬው አበዛው?» ትላለች እትዬ እናኑ።

«እኔ ምን አውቄ» ትላለች እናቴ።

«የሚፈልገው ነገር ካለ አይናገርም? እንዲህ ሲለካ እስከ መቼ ሊኖር ነው?»

«አይናገርም። እኔም አልጠይቀውም። ዝም ብዬ ማየት ነው።»

ዝም ብላ ልታይ ነው! ቤቱ ተወስዶ እትዬ እናኑ ያለቀሰችውን ለቅሶ እናቴም ልታለቅስ ነው ብዬ አሰብሁ። በእናቴ ተናደድሁ።

አሁን በዚህ ዕድሜዬ ሳስበው፣ ሁለት ሜትር በአምስት የሆነ መደብ ማክሰኞ ተለክቶ ሐሙስ አይጨምርም። ይህ ለማንም ዐዋቂ ግልጽ ነበር። ለእናቴም ግልጽ ነበር፤ እሱ በሚመጣበት ቀን ሰማያዊ ሹራቧን የምትለብሰው ለዚሁ ነው። እኔ ግን የምትለብሰው በርዷት ይመስለኝ ነበር።

እናቴ ካልተከላከለች እኔ ልከላከል ተነሣሁ። መጀመሪያ ያደረግሁት በመደቡ ዳር የተከላቸውን ችካሎች ነቅሎ ወደ ውስጥ ማስጠጋት ነበር፤ መሬቱ ጠባብ ከመሰለው ይተወዋል ብዬ። አቶ ቢሻው መጥቶ ለካ፤ እንደገና ለካ፤ ጆሮውን አከከና ችካሎቹን አንድ በአንድ ወደ ቦታቸው መለሰ። ከዚያ ደብተሩን አወጣና ጻፈ።

ሁለተኛው ሚጥሚጣው ነው። እናቴ የበሰለውን ለቅማ፣ በሸማቾች ሱቅ በወር አንድ ኪሎ ከሚደርሰን ስኳር ሳትሰስት ነስንሳ፣ «ለአቶ ቢሻው ውሰጂለት» ብላ ሳህኑን ሰጠችኝ። ከዚያ በፊት እትዬ እናኑ አጥራችን ሥር ካሰጣችው ሚጥሚጣ አንድ ጭብጥ ወስጄ በወረቀት ጠቅልዬ ነበር። ወጥ ቤት ጥግ ቆሜ እንጆሪውን በደንብ አሸሁት። ቀይ በቀይ ላይ ማን ያያል!

አቶ ቢሻው አንዱን አንሥቶ ጎረሰ። ቆመ። ዓይኑ እንባ ሞላ፤ አፍንጫው ቀላ። እኔ ሳህኑን ወርውሮ ሲሮጥ ለማየት ተዘጋጅቻለሁ።

«እናትሽ ናት ያዘጋጀችው?» አለኝ በተዘጋ ድምፅ።

«አዎ። በእጇ» አልሁት።

ሁለተኛውን አነሣ። ሦስተኛውን አነሣ። ላቡን በመሐረብ እየጠረገ ሳህኑን እስከ መጨረሻው በላ፤ ከታች የቀረውን ስኳር ሳይቀር በጣቱ ጠርጎ ላሰው። ከዚያ ባዶውን ሳህን መለሰልኝና «ሸጋ ነው በያት» አለኝ። እንዲህ ያለ ጨካኝ ሰው አይቼ አላውቅም ነበር። ሚጥሚጣ ያልበገረውን ሰው ምን ይበግረዋል? ከዚህ በላይ ያለው መንግሥት ብቻ ነው ብዬ ወሰንሁ።

የቀበሌያችን ጽሕፈት ቤት ግድግዳ ላይ ቀይ ቀለም የተቀባ የአስተያየት ሣጥን ተሰቅሎ ነበር። ከደብተሬ መካከል ንጹሕ ወረቀት ገነጠልሁ። ከሬዲዮና ከትምህርት ቤት ሰልፍ የማውቀውን ሁሉ ሰብስቤ፣ በትልልቅ ፊደል እንዲህ ብዬ ጻፍሁ፦

«አብዮታዊ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። ቢሻው የሚባል አድኃሪ በሲስተር ይርገዱ ጓሮ የሰፊውን ሕዝብ እንጆሪ ሊወስድ በሜትር እየለካ ነው። በደብተርም ይጽፋል። ሚጥሚጣ እንኳ አይፈራም። ስለዚህ አብዮታዊ እርምጃ ይወሰድበት። ኢትዮጵያ ትቅደም!»

አብዮታዊ እርምጃ ምን እንደሆነ አላውቅም ነበር። ሜትሩን የሚቀሙት ይመስለኝ ነበር። ከዚያ ጥቂት ዓመት ቀደም ብሎ በእነዚህ ሁለት ቃላት ከሰፈራችን ስንት ልጅ ወጥቶ እንደቀረ የተረዳሁት ካደግሁ በኋላ ነው።

ሣጥኑ ከፍ ብሎ ስለተሰቀለ አልደረስሁበትም። በጣቴ ቆሜ ስንጠራራ ከኋላዬ ሁለት እጆች ብብቴን ይዘው ወደ ላይ አነሡኝ። ወረቀቱን ጨመርሁት። አፍንጫዬን የሆነ ነገር ሰነፈጠኝና ሁለት ጊዜ አነጠስሁ፤ እግሬ መሬት እንደነካ ማን እንደሆነ እንኳ ዞሬ ሳላይ በረርሁ።

ይህ የሆነው ረቡዕ ነው። ዓርብ ከቀትር በኋላ አቶ ቢሻው ሜትሩን እንደዘረጋ ሁለት የአብዮት ጥበቃ ሰዎች መጥተው ወሰዱት። ደብተሩንም ሜትሩንም ያዙበት። እኔ የወጥ ቤቱ በር ኋላ ሆኜ በደስታ ፈነደቅሁ። እናቴ ግን መሬት ላይ ተቀመጠች። ወንበር አጠገቧ እያለ መሬት ላይ።

ያን ሌሊት እራት አልበላንም። ቅዳሜ ጠዋት እናቴ መደቡን ዞራ የበሰለውን ሁሉ ለቀመች፤ ለእኔ አንድም አላስቀረችም። ሰማያዊ ሹራቧን ለብሳ፣ ሳህኑን በነጠላዋ ሸፍና ወደ ቀበሌው መጋዘን ሄደች፤ አቶ ቢሻው የታሰረው ከስኳሩና ከጨው ጆንያው ጋር ነበር። ተከተልኋት። በሩ ላይ ከጠባቂው ጋር ረጅም ጊዜ ቆመች። በመጨረሻ ሳህኑ ገባ፤ ባዶውን ወጣ። ስትመለስ ፊቷ እርጥብ ነበር።

«እማዬ፣ እንጆሪውን ለምን ሰጠሽው? ሊወስድብን እኮ ነው» አልኋት።

«ምንድን ነው የሚወስድብን?»

«መሬቱን። ለክቶታል።»

ትክ ብላ አየችኝ። የተናገርሁትን የሰማችው አይመስለኝም። «ሰው ሊሞትብኝ ነው፣ ይመኙሽ» አለችና መንገድ ላይ አቀፈችኝ። ያን ጊዜ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ የፈራሁት። ሜትር የተቀማ ሰው አይሞትም።

እሑድ የቀበሌ ስብሰባ ነው፤ የቀረ ሰው ራሽኑ ስለሚያዝበት ሰፈሩ በሙሉ አግዳሚ ላይ ተደርድሯል። ሊቀመንበሩ ጓድ ታከለ ቀድሞ ልብስ ሰፊ ነበር፤ ስልጣን ላይ ከወጣ ወዲህም ሲናገር መርፌ ክር የሚያስገባ ይመስል አንድ ዓይኑን ይጨፍናል። ደብዳቤዬን ከፍ ባለ ድምፅ አነበበ። ሥራዬ በሕዝብ ፊት ሲነበብ ያ የመጀመሪያዬ ነው፤ እፈራ ነበር፣ ቢሆንም «ሚጥሚጣ እንኳ አይፈራም» የሚለው ላይ ሰዉ ሲስቅ ኩራት ቢጤ ተሰማኝ።

አቶ ቢሻው ፊት ለፊት ቆሟል። ጸጉሩ ላይ ጭድ አለ።

«ጓድ ቢሻው» አለ ሊቀመንበሩ፣ «የመንግሥት ሠራተኛ ሆነህ የሲስተር ይርገዱን ጓሮ ምን አድርግ ተብለህ ነው የምትለካው?»

«በችግኝና በችግኝ መካከል ሠላሳ ሳንቲ ሜትር መኖር አለበት፣ ጓድ ሊቀመንበር።»

«እሺ። ስንት ጊዜ ለካህ?»

«አሥራ አንድ።»

«ሠላሳው ሳንቲ ሜትር በመሀል ሸሸ እንዴ?»

አዳራሹ ተንጫጫ። ጓድ ታከለ ደብተሩን ገለጠ። «እስኪ የጻፍከውን እንይ። ጥቅምት ሃያ ስድስት፤ ሦስት ፍሬ ቀልቷል። ሰማያዊ ሹራብ።» ዓይኑን ጨፈነ፤ ከፈተ። «ጥቅምት ሠላሳ፤ አምስት ፍሬ። ዛሬ ሳቀች። ኅዳር ሦስት፤ ሁለት ፍሬ። የሌሊት ተረኛ ነበረች፤ አላየኋትም፤ ሜትሩን ረሳሁ ብዬ ነገ እመለሳለሁ። ኅዳር ሰባት፤ ዘጠኝ ፍሬ። ሚጥሚጣ ጨምራ ላከችልኝ። ምን እንዳስቀየምኋት አላወቅሁም። ሁሉንም በላሁት።»

እናቴ ዞር ሳትል እጇን ሰደደችና ጆሮዬን ያዘች። እስከ ስብሰባው መጨረሻ ድረስ አልለቀቀችውም።

«እንግዲህ» አለ ጓድ ታከለ ሳቁን እያፈነ፣ «ቁርጡን ንገረን። የምትመጣው ለእንጆሪው ነው ወይስ ለሴትዮዋ?»

አቶ ቢሻው መሬት መሬቱን አየ። ከዚያ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብሎ በአግዳሚዎቹ መካከል እናቴን ፈለጋት።

«መጀመሪያ እንጆሪው ነበር» አለ።

«ጓዲት ይርገዱ፣ አንቺስ ምን ትያለሽ?»

እናቴ ጆሮዬን እንደያዘች ስለተነሣች እኔም አብሬ ተነሣሁ። «ሚጥሚጣውን አላውቅም» አለች። «ሰማያዊው ሹራብ ግን የእኔ ነው።»

ሴቶቹ እልል አሉ። ሽማግሌ ሳይላክ፣ ዘመድ ሳይጠየቅ፣ ሙሉ ቀበሌ ሽማግሌ ሆኖ እናቴ ተዳረች። እኔ ግን ይህ ሁሉ አልገባኝም፤ የገባኝ ሜትሩ እንደተመለሰለት ብቻ ነው።

ሊቀመንበሩ ጠረጴዛውን መታ። ሳቁ ጠፍቷል። «ቀልዱ አበቃ። የመንግሥት ሠራተኛ በሐሰት ጥቆማ ሁለት ሌሊት ታስሯል። ይህን የጻፈው ማነው?» ወረቀቱን ወደ ሕዝቡ አዞረው። «የልጅ ጽሕፈት ይመስላል። ልጅ ከራሱ እንዲህ አይጽፍም፤ የልጅ ከሆነ ያስጻፈው ወላጅ ይጠየቅበታል።»

እናቴ ልትታሰር ነው። ልናገር አፌን ስከፍት ከኋላ አግዳሚ ድምፅ መጣ።

«እኔ ነኝ።»

እትዬ እናኑ ቆማለች።

«አንቺ? መጻፍ ከመቼ ወዲህ?» አለ ጓድ ታከለ።

«መሠረተ ትምህርት ካላስገባችሁኝስ ምን አጻፈኝ? ፊደል አስተማራችሁኝ፤ ታዲያ ምን ላድርገው፣ ልቀቅለው?»

ሁለት ወር ስኳር እንዳታገኝ፣ አራት እሑድ የቀበሌውን ግቢ እንድትጠርግ ተፈረደባት። እናቴ ዞራ አየቻት። ያንን አስተያየት አልረሳውም።

እኔስ? እኔ ተናደድሁ! ሥራዬን ሰረቀችኝ። ሦስት ጊዜ ገልብጬ የጻፍሁትን፣ ሰው ሁሉ የሳቀበትን ደብዳቤ የእኔ ነው አለች። እሑድ እሑድ ጎንበስ ብላ ስትጠርግ በአጥር ቀዳዳ አይና «ሌባ» እያልሁ ምላሴን አወጣባት ነበር። ዶሮዎቿንም በጠጠር አባረርሁ።

በጥር እናቴና አቶ ቢሻው ተጋቡ። ድንኳኑ የእትዬ እናኑን አጥር ተደግፎ ተተከለ፤ እሷ ግን አልተጠራችም። «ሚጥሚጣውን ለልጄ አስይዛ፣ ሰው ልታስገድል የጻፈች ሴት የቤቴን ደጃፍ አትረግጥም» አለች እናቴ፤ ካለች አለች። ቤተ ክርስቲያን ሲገናኙ እግዚአብሔር ይመስገን ይባባላሉ፤ በአጥር ላይ የነበረው ወሬ ግን ያን ዕለት ቆመ። አቶ ቢሻው አባቴ ሆነ፤ መልካም አባት ሆነ። በየዓመቱ የመጀመሪያዋን ቀይ ፍሬ ለእኔ ይሰጠኝ ነበር።

እትዬ እናኑ ምን እንዳደረገች የገባኝ ሃያ ዓመት ሲሆነኝ፣ አዘዞ አውቶቡስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠች ሴት የሚጥሚጣ ቋጠሮ ስትፈታ ሳነጥስ ነው። እንደገና ቀዩ ሣጥን ሥር ነኝ፤ ሁለት እጆች ብብቴን ይዘውኛል። ሰው ሞልቶ ባለበት አለቀስሁ። ግን አልተናገርሁም። አባቴን «ላስገድልህ የነበርሁት እኔ ነኝ» ብሎ መንገር ማን ይችላል? ዓመት በዓመት ላይ ሄደ። እሱ ሳይሰማ ከአምስት ዓመት በፊት ዐረፈ።

ባለፈው ኅዳር ጎንደር ገባሁ። እናቴ ሰባ አምስት ዓመቷ ነው፤ መደቡ አሁንም ሁለት በአምስት ነው። አንድ ሳህን ለቀምሁና የእትዬ እናኑን በር አንኳኳሁ። አርጅታለች፤ እጇ ግን አሁንም ያስነጥሳል። ሁሉንም ነገርኋት።

«አሁን ነው የምትነግሪኝ?» አለች እንጆሪውን እየጎረሰች። «ማን ያነሣሽ መሰለሽ? እኔ የስኳር አቤቱታ የምትጨምሪ መስሎኝ ነው እንጂ፣ ያንን ጉድ ባውቅ ከነወረቀቱ ነበር የምጥልሽ።»

«ለምን እኔ ነኝ አልሽ?»

«ያን ወሬ በአፌ በልጅ ጆሮ የጨመርሁት እኔ አይደለሁ? ለኩ፣ ጻፉ፣ ወሰዱ እያልሁ።» ጭማቂውን ከጣቷ ላሰች። «እናትሽ ገና መሳቋ ነበር። እንዴት ዝም ልበል?»

«ለእሷስ ለምን አልነገርሻትም?»

«ከነገርኋትማ ልጇን ትቆጣለች።»

እጇን ይዤ አስነሣኋት። በአርባ ሦስት ዓመት ውስጥ ያልረገጠችውን ደጃፍ እየተንገዳገደች ረገጠች። እናቴ መደቡ አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጣ ጭድ ታስተካክል ነበር። ቀና ስትል አይታን ፊቷ ጠቆረ። ሳልቀመጥ፣ ትንፋሽ ሳልወስድ ነገርኋት፤ ሜትሩን፣ ሣጥኑን፣ እጆቹን።

እናቴ አላዘነችልኝም፤ አልተቆጣችኝም። እኔን ማየቷንም እርግጠኛ አይደለሁም። እየተደገፈች ተነሣችና ቤት ገባች። ብዙ ቆየች። መሳቢያ ሲከፈት፣ ቁም ሣጥን ሲዘጋ ሰማን። እትዬ እናኑ «ልሂድ መሰለኝ» አለችኝ።

እናቴ ወጣች። በሁለት እጇ አንድ ከረጢት ስኳር፣ የድሮውን የሁለት ወር ራሽን የሚያህል፣ ታቅፋለች። ፊቷ፣ ያኔ ከመጋዘኑ ስትመለስ እንደነበረው፣ እርጥብ ነው። ከረጢቱን እትዬ እናኑ ጭን ላይ አስቀመጠችና አጠገቧ፣ መሬት ላይ ተቀመጠች።

እትዬ እናኑ ከረጢቱን በመዳፏ አነሣችው። ከፍ አደረገችው፤ ዝቅ አደረገችው።

«ይጎድላል» አለች።